የጋሽ ንጋቱ ረጅም ምርቃት

ጋሽ ንጋቱ መሞታቸውን በስልክ የነገረችኝ ታደለች ናት። ቦንጋ ሳለሁ የቢሮ አለቃዬ ነበረች። ስልኩን እንዳነሳሁ ድምፅዋ ሲቆራረጥ እያለቀሰች መስሎኝ ነበር፤ ለካ እየሳቀች ኖሯል። መጀመሪያ ያለችኝ "ንፍሮው ጥሬ ነበር" ነው። ከዚያ ትንፋሿን ሰብስባ ከመነሻው ጀመረችልኝ።

ጋሽ ንጋቱ ሕመሙ ሲጠናባቸው የዕድራቸውን ዳኛ ያስጠሩና፣ በእሳቸው ለቅሶ ሴቶቹ አርፈው እንዲቀመጡ፣ ውኃ መቅዳቱም፣ እንጨት መፍለጡም፣ ንፍሮ መቀቀሉም የወንዶቹ ሥራ እንዲሆን ይናዘዛሉ። የሟች ቃል ስለሆነ ማንም እምቢ አላለም። ወንዶቹ ስንዴውንና ባቄላውን ባንድ ጊዜ አንድ ድስት ውስጥ ጨመሩት፤ ስንዴው ሲፈርስ ባቄላው ጠጠር ሆኖ ቀረ። ለቀስተኛው ለይሉኝታ ሲል እየቆረጠመ ሳለ፣ ባለቤታቸው እትዬ ዘውዴ አንዷን ፍሬ ከአፋቸው አውጥተው አገላብጠው አዩና፣ "ነግሬው ነበር፤ አይሰማም እንጂ" አሉ። ድንኳኑ ውስጥ ያለው ሰው ሁሉ፣ ቄሱ ሳይቀሩ፣ አፉን በነጠላው ይዞ ሳቀ አለችኝ።

እኔም ሳቅኩ። ያለቀስኩት ስልኩን ከዘጋሁ በኋላ ነው።

ቦንጋ የሄድኩት የሕግ ዲፕሎማ ይዤ ከደብረ ብርሃን ተመድቤ ነው። የደረሰኝ የሴቶች ጉዳይ ቢሮ ነበር። አብሬው የምሠራው ነባር ባለሙያ እንዳለ ሲነግሩኝ፣ የመሥሪያ ቤቱን ስም ሰምቼ ጠና ያሉ ሴትዮ ነበር የጠበቅኩት። በሩን ስከፍት ግን ያገኘሁት ቁመታቸው ጣሪያ የሚነካ፣ ሽበታም፣ ዝናብ ኖረም አልኖረ ካቦርታቸውን የማያወልቁ ሰውዬ ነው። የተሳሳተ ክፍል የገባሁ መስሎኝ ይቅርታ ጠይቄ ልመለስ ስል፣ "ግቢ ልጄ፣ እኔም በስህተት ነው የገባሁት" አሉኝ።

ጋሽ ንጋቱ የንብ ባለሙያ ነበሩ። አያታቸው ከሸዋ የመጡ ናቸው፤ እሳቸው ግን ቦንጋ ተወልደው፣ ካፊኖኖን ከአማርኛ እኩል እየተናገሩ፣ በካፋ ጫካ ከቀፎ ወደ ቀፎ ሲዞሩ የኖሩ ሰው ናቸው። ወደ ሴቶች ጉዳይ ያመጣቸው ግምገማ ነው። በዚያ ዘመን የመንግሥት ሠራተኛ ሁሉ በየጊዜው ተሰብስቦ ይገማገም ነበር፤ ጉድለቱን ራሱ ተነሥቶ መናገር አለበት። ተራው ሲደርሳቸው ጋሽ ንጋቱ ይነሡና፣ ጉድለታቸው ስብሰባ ላይ እንቅልፍ የሚወስዳቸው መሆኑን፣ በዚሁ ጉድለት ምክንያት ዛሬ የተባለውን አንዱንም እንዳልሰሙ በትሕትና ይናዘዛሉ። ብዙም ሳይቆይ ምደባ መጣ። ቅጣት ነው ያላቸው የለም፤ ከተማው ግን ቅጣት መሆኑን አውቆታል። ጠጅ ቤት ሲገቡ "እሜቴ ንጋቱ" እያሉ ይጠሯቸው ነበር። እሳቸውም "አቤት" ብለው ወንበር ይስባሉ።

መጀመሪያ ላይ ሥራውን አልወደዱትም። ጠዋት መጥተው መስኮቱ አጠገብ ይቀመጣሉ፣ አበባ የያዘ ዛፍ ባዩ ቁጥር ስሙን ይነግሩኛል፣ ወደ ቤታቸው ይሄዳሉ። አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ዝናብ አላስወጣ ሲላቸው፣ የሚሠራ ነገር አጥተው ጠረጴዛቸው ላይ የከረመውን የቤተሰብ ሕግ አንሥተው ማንበብ ጀመሩ። ዝናቡ ሲያባራ አላዩም። ጨርሰው መነጽራቸውን አወለቁና ወደ እኔ ዞሩ።

"አንቺ ልጅ፣ ይኼ ነገር የእውነት ነው?"

የቱ እንደሆነ ጠየቅኳቸው።

"ሁሉም። ባልና ሚስት እኩል ናቸው የሚለው። ሳትፈቅድ አትዳርም የሚለው።"

የእውነት ነው፣ ሕግ ነው አልኳቸው።

"ታዲያ ለምንድን ነው ማንም ያልነገረን?"

"ጋሼ፣ መንገሩ እኮ የእኛ ሥራ ነው።"

ከዚያ ተነሥተው ካቦርታቸውን ቆለፉና፣ "እኔ እኮ ሥራ የለንም ብዬ ነው" አሉ።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ቀርተን አናውቅም። ገጠር ለገጠር በእግር፣ በአይሱዙ፣ በቅሎ በተገኘበትም በበቅሎ ዞርን። አንድ ችግር ግን ነበረባቸው፤ መናገር ከጀመሩ ማቆም አይችሉም። "በአጭሩ" ሲሉ የሚያውቋቸው ሰዎች መቀመጫ ይፈልጋሉ። ታደለች ስብሰባ ላይ ዕድል የምትሰጣቸው መጨረሻ ላይ፣ ሰው ምሳ ሲርበው ነው። እሳቸው ግን ረሃብተኛ አይተው አያሳጥሩም።

ከሁሉ የማልረሳው የማንኪራውን ነው። ማንኪራ ሰዉ ሁሉ ቡና ለቃሚና ማር ቆራጭ ነው። ሕዝቡን ሰብስበን ጋሽ ንጋቱ ሕጉን ማንበብ ጀመሩ። ወንዶቹ ከፊት ተቀምጠው እንቅልፋቸውን ይታገላሉ፤ ሴቶቹ ከኋላ ሆነው ይሰማሉ፣ ግን ማንም አይናገርም። ጋሽ ንጋቱ ሁኔታውን አይተው መጽሐፉን አጠፉትና ስለ ንብ ማውራት ጀመሩ። ወንዶቹ ነቁ። ጥቂት ስለ ቀፎ ካወሩ በኋላ፣ ንቦቹን የሚገዛው አውራ ወንድ ሳይሆን እንስት መሆኗን ነገሯቸው።

ጉባኤው ተናወጠ። አንድ ሽማግሌ ከአባታቸው ጀምሮ ማር ሲቆርጡ መኖራቸውን፣ አውራ ማለት ወንድ ማለት መሆኑን፣ መንግሥት ሰዉን ጨርሶ አሁን ደግሞ ንቡን ሴት ሊያደርገው መምጣቱን ተናገሩ። ጋሽ ንጋቱ እንቁላሉን የምትጥለው እሷው እንደሆነች አስረዱ። ሽማግሌው አላመኑም። ክርክሩ ሲከር፣ ከኋላ አንዲት ሴት ድንጉላ የሚባለው ወንዱ ንብስ ሥራው ምንድን ነው ብላ ጠየቀች።

"ይበላል" አሉ ጋሽ ንጋቱ።

የሴቶቹን ሳቅ እስከ ዛሬ እሰማዋለሁ። እየተደጋገፉ ሳቁ፤ አንዷ ልጇን ለጎረቤቷ አቀብላ ሳቀች። ሳቁ ሲያልቅ ማንም ሳይለምናቸው መጠየቅ ጀመሩ። ባሌ ሁለተኛ ሚስት ቢያመጣስ? ቡናውን እኔ ለቅሜ እሱ ሲሸጠውስ? ልጄን ለማላውቀው ሰው ቢሰጣትስ? እስኪመሽ ድረስ አልለቀቁንም።

ሕጉ መጀመሪያ የያዘው ግን የማንኪራን ወንዶች አልነበረም። ጋሽ ንጋቱ ንግግራቸውን የሚለማመዱት ቤታቸው፣ ጎመን በሚቀነጥሱት በእትዬ ዘውዴ ፊት ነበር። እትዬ ዘውዴ ትምህርት ቤት ያልገቡ፣ ጭምት ሴት ናቸው። እየቀነጠሱ ሕጉን በቃላቸው ያዙት። ጋሽ ንጋቱ ይህን አልጠረጠሩም፤ ስለዚህ አንድ ቅዳሜ ላማቸውን ገበያ ነድተው፣ እንደ ልማዳቸው ማንንም ሳያማክሩ፣ ጊምቦ ለሚኖር ሰው ሸጧት።

ሰኞ ጠዋት ቢሯችን በር ላይ ባለጉዳዮች ተሰልፈዋል። ሦስተኛዋ እትዬ ዘውዴ ናቸው፤ ነጭ ነጠላ ለብሰው፣ ሁለት ጎረቤቶቻቸውን ለምስክርነት ይዘው። ጋሽ ንጋቱ ምሳ ያመጡላቸው መስሏቸው ነበር። እትዬ ዘውዴ ግን ወንበሩ ላይ ተቀመጡና በባለቤታቸው ላይ አቤቱታ እንዳላቸው ተናገሩ። ጋሽ ንጋቱ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው ቤት ሄደን ብንነጋገርስ አሏቸው።

"ቤትማ የሚሰማኝ የለም" አሉ እትዬ ዘውዴ። "እርስዎ ቢሮ ግን ሰው ይሰማሉ ሲባል ሰምቼ ነው።"

ቤታቸው ውስጥ "አንተ" ነበር የሚሏቸው። ያቺ "እርስዎ" ጋሽ ንጋቱን እንዴት እንዳደረገቻቸው በዓይኔ አይቻለሁ፤ ጆሯቸው ድረስ ቀሉ። እኔ ልውጣላችሁ አልኩ። ጋሽ ንጋቱ ተቀመጪ አሉኝ። መነጽራቸውን አደረጉ፤ እንደ ማንኛውም ባለጉዳይ በአንቱታ ጠየቋቸው። ላሟ የጋራ ናት? የጋራ ናት። ሲሸጣት አማክሮዎታል? አላማከረኝም። ከዚህ በፊትስ? በቅሎዋንም እንዲሁ ነው የሸጣት። ይህን ሲሰሙ ጋሽ ንጋቱ በረጅሙ ተነፈሱ።

"ጥፋተኛ ነው" አሉ። "ላሟን ያመጣል።"

ማምጣቱ ቀላል አልነበረም። ጊምቦ ያለው ገዢ ላሟን ወዷታል፤ ገንዘቡን መልሼልህ ስጠኝ ቢሉት አሻፈረኝ አለ። በመጨረሻ የተስማማው ማር የሞሉ ሁለት ቀፎዎች እንዲጨምሩለት ነው። ለጋሽ ንጋቱ ደግሞ ከቀፎ መለየት ከዘመድ እንደ መለየት ነበር። ቀፎዎቹን ሰጥተው፣ ላሟን እየጎተቱ፣ ገበያው ደርቶ ሳለ በከተማው መካከል አለፉ። ጠጅ ቤት በር ላይ የተቀመጡት ሰዎች "እሜቴ ንጋቱ፣ ላሟ ፈቅዳ ነው የመጣችው?" አሏቸው። ቆም ብለው፣ "ሕጉን ይዤ የዞርኩት እኔ፣ መጀመሪያ የነደፈውም እኔን" ብለው መንገዳቸውን ቀጠሉ።

ወሬው ከሕጉ ቀድሞ ገጠሩን አዳረሰው። የራሱን ላም ያስመለሰ ሰውዬ ቢሮ አለ ተባለ። እኛ በስብሰባ ያላመጣናቸው ሴቶች ያችን ላም ሰምተው መጡ። የምሕረት እናትም የመጣችው እንዲሁ ነው።

ምሕረት የዘጠነኛ ክፍል ተማሪ ናት፤ አሥራ ስምንት አልሞላትም። ከትምህርት ቤት ስትመለስ የአንድ ቡና ነጋዴ ልጅ ከጓደኞቹ ጋር ሆኖ ጠልፏታል። ወስደው ያስቀመጧት ደካ ከምትባለው ትንሽ ከተማ ወጣ ብሎ ያለ የነጋዴው ዘመድ ቤት ነው፤ ሽማግሌ እስኪጨርስ ድረስ ከነጋዴው እህት ጋር ጓዳ ውስጥ አድርገዋታል። አባትየው መጀመሪያ ተቆጥቶ ነበር፤ በኋላ ነጋዴው ሰው ሲያበዛበት፣ ከእንግዲህ ማን ያገባታል እያሉ ሲያስፈራሩት ልቡ ከዳው። ነገ ሽምግልናው ያልቃል፤ ካለቀ ልጅቷን ወደ ሌላ ወረዳ ይወስዷታል። እናቷ ይህን ሁሉ ስትናገር አላለቀሰችም። ባሏ ሳያውቅ ነበር የመጣችው።

ድሮ ጠልፎ ያገባ ሰው አገባሁ ካለ አይከሰስም ነበር። አዲሱ የወንጀል ሕግ ይህን ሰርዞታል፤ ግን ገና መውጣቱ ስለሆነ ሽማግሌዎቹ አልሰሙም፣ ነጋዴው ቢሰማም እንዳልሰማ ሆኗል።

በማግስቱ ማለዳ ጋሽ ንጋቱና እኔ ደካ ደረስንና ለፖሊስ አመለከትን። አዛዡ ልብ ያለው ሰው ነበር። ፖሊስ በቀጥታ ከመጣ ከሩቅ አይተው ልጅቷን በጓሮ ወደ ጫካ ያሸሿታል፤ እናንተ ቀድማችሁ ግቡና ከቤት እንዳትወጣ ጠብቁ፣ እኛ እንከተላለን አለን። ሞባይል ከከተማ ወጣ ሲሉ የማይሠራበት ጊዜ ነው። እኛ ወንዙን ተሻግረን ብዙም ሳንሄድ ሰማይ የተቀደደ ይመስል ዘነበ። ወንዙ ሞላ። ፖሊሶቹ በላይኛው ድልድይ መዞር እንዳለባቸው ያን ጊዜ አላወቅንም።

ቤቱ ሰው ሞልቶታል። በግ ታርዷል፤ ጠጅ ቀርቧል። ጋሽ ንጋቱ ጋቢያቸውን ከካቦርታቸው በላይ ደርበው፣ ጭቃቸውን እያራገፉ ገቡና ከቦንጋ ለምሕረት ጉዳይ መምጣታቸውን ተናገሩ። ውሸት አልተናገሩም። ሽበታቸውን አይተው በልጅቷ ወገን የመጡ ሽማግሌ ናቸው ብለው ከላይ አስቀመጧቸው። እኔን ልጃቸው አደረጉኝ። የምሕረት አባት ጥግ ላይ አንገቱን ደፍቶ ተቀምጧል፤ አላውቃቸውም አላለም። ጠላፊው ልጅ አዲስ ኮት ለብሶ ከነጋዴው አጠገብ አለ። በሩ ላይ ዱላ የያዙ ጎረምሶች ቆመዋል።

ጋሽ ንጋቱ ልጅቷ ራሷ ትጠየቅ አሉ። ታፍራለች ተባሉ። እንግዲያው ትንሽ እንጠብቅ አሉ። ነጋዴው መንገዱ ሩቅ ነው፣ ዝናቡ ጋብ ሲል ሙሽሮቹ መሄድ አለባቸው አለ። ጋሽ ንጋቱ ጠጃቸውን ቀስ ብለው ጠጡ፤ ጨመሩ። በሩን አየሁ፤ ፖሊስ የለም። በመጨረሻ የሽማግሌዎቹ አለቃ፣ ነገሩ እንዲታሠር፣ በዕድሜም በእንግድነትም የሚበልጡት ጋሽ ንጋቱ ተነሥተው ይመርቁን አሉ። ምርቃቱ ካለቀ ልጅቷን ያወጧታል።

ጋሽ ንጋቱ ጉልበቴን ያመኛል፣ ተቀምጬ ልመርቅ አሉ። ተፈቀደላቸው። ሁለት እጃቸውን ዘረጉ፤ በአጭሩ እንመርቃለን አሉ። እኔ ይህን ስሰማ ተስፋዬ ተመለሰ።

"ቤቱን ይባርከው" አሉ። አሜን። "ዝናቡን በወቅቱ፣ ፀሐዩን በልኩ ያድርግልን።" አሜን። ከብቱን መረቁ፤ ላሟን፣ በሬውን፣ ጥጃውን ለየብቻ። ቀፎውን መረቁ፤ አበባውን በየዛፉ ስም እየጠሩ መረቁ። "ኮረሪማችንን ከዝንጀሮ ይጠብቅልን" አሉ። አሜን። አማርኛ ለማያውቁት እንዳይቀርባቸው ብለው እያንዳንዱን በካፊኖኖ ይደግሙታል። የተዘረጋ እጅ ሳይሰበሰብ፣ የምርቃት አፍ ሳይዘጋ የሚበላም የሚነሣም የለም። ጥብሱ ቀዘቀዘ፤ ሞራው ረጋ። ነጋዴው አንድ ጊዜ ሊነሣ ሲል የሽማግሌዎቹ አለቃ በዓይናቸው አስቀመጡት።

ከብቱና ሰብሉ ሲያልቅባቸው ጋሽ ንጋቱ ወደ ሰው መጡ።

"ሴት ልጆቻችንን ተምረው ለወግ ለማዕረግ ያብቃልን።"

"አሜን።"

"አሥራ ስምንት ዓመት ሳይሞላቸው ከመዳር ይጠብቅልን።"

"አሜን" አሉ፣ ትንሽ ቀዝቀዝ ብለው።

"ሳይወዱ ከመወሰድ ይጠብቅልን። ጠልፎ አገባሁ ማለት በአዲሱ ሕግ ከእስር እንደማያድን ለሁላችን ልቦናውን ይስጠን።"

አሜን ያሉት ጆሯቸው የደከመ ሁለት ሽማግሌዎች ብቻ ናቸው።

"ከሦስት እስከ አሥር ዓመት ጽኑ እስራት ከሚያመጣ ነገር ወንዶች ልጆቻችንን ይሰውርልን።"

ጠላፊው ልጅ ብቻውን፣ በቀጭን ድምፅ "አሜን" አለ። አባቱ በክርኑ ጎሸመው።

ነጋዴው ያን ጊዜ ተነሣ። ይህ ሰውዬ ማን ነው አለ። በሩ ላይ ያሉት ጎረምሶች ዱላቸውን አስተካከሉ። ጋሽ ንጋቱ እጃቸውን አላጠፉም፤ ድምፃቸውን ከፍ አድርገው ወደ ፍየልና ዶሮ ተመለሱ። የሽማግሌዎቹ አለቃ አመነቱ፤ ነጋዴውን አዩ፣ የተዘረጋውን እጅ አዩ፣ ከዚያ "ምርቃት አይቋረጥም፤ ተቀመጥ" አሉት። ፖሊሶቹ እስከ ወገባቸው ረጥበው ሲገቡ ጋሽ ንጋቱ የጎረቤት ወረዳዎችን እየመረቁ ነበር።

ምሕረትን ከጓዳ አወጧት። ዩኒፎርሟ ላይ የሰው ጋቢ ደርበውባታል። አዛዡ በሁሉም ፊት ምን እንደምትፈልግ ጠየቃት። ቤቴ መሄድ እፈልጋለሁ አለች። ቀጥላም፣ "ሰኞ የሒሳብ ፈተና አለብኝ" አለች። አባቷ ከጥጉ ተነሣ። ያን የሰው ጋቢ ከትከሻዋ ላይ አነሣና መሬት ላይ ጥሎ የራሱን አለበሳት።

ልጁ ተከሶ ተፈረደበት። ምሕረት ትምህርቷን ቀጠለች። ጋሽ ንጋቱ ደግሞ በዓመቱ መጨረሻ ግምገማ ላይ፣ በሥራ ሰዓት በተከሳሽ ዘመድ ቤት ጠጅ ጠጥተዋል የሚል ሂስ ቀረበባቸው። እውነት ነው፣ ጠጁም ጥሩ ነበር ብለው ተቀመጡ።

እኔ ግን ደጋግሜ የማስበው የመመለሻውን መንገድ ነው። ቡና የጫነ አይሱዙ አግኝተን ጋሽ ንጋቱ፣ ምሕረት፣ አባቷና እኔ ጆንያው ላይ ተቀመጥን። ዝናቡ አባርቷል፤ ጫካው ይጨሳል። ጋሽ ንጋቱ ዛፉ ሁሉ አብቦ እያለ የአንዱንም ስም አልጠሩም። አሟቸው እንደሆነ ጠየቅኳቸው።

"እግሬ ነው" አሉ በሹክሹክታ። "በሩ ላይ ያሉትን ልጆች ሳይ ይዞኝ የነበረው መንቀጥቀጥ እስካሁን አለቀቀኝም። ጉልበቴንማ ምንም አያመኝም፤ ብቆም ኖሮ ወድቄ ነበር።"

ምሕረት ከአባቷ ጋቢ ውስጥ አንገቷን ብቅ አደረገች። ወሬያችንን ሰምታ ኖሯል።

"እኔ ከጓዳ ሆኜ ለሁሉም አሜን ብያለሁ ጋሼ" አለች። "ለዝንጀሮውም ጭምር።"

ጋሽ ንጋቱ እስኪያስላቸው ድረስ ሳቁ። ቦንጋ መግቢያ ላይ የምሕረት እናት መንገድ ዳር ቆማ አገኘናት፤ ከጠዋት ጀምሮ ያለፈውን መኪና ሁሉ ስታስቆም የዋለች ናት። አይሱዙው በደንብ ሳይቆም ምሕረት ከጆንያው ላይ ዘላ ወረደች። ጋሽ ንጋቱን ግን ሾፌሩና የምሕረት አባት ግራና ቀኝ ደግፈው ነው ያወረዷቸው።